ለልጆች ዜማ ደመወዝ የሚከፍለው ማን ነው?

ሐምሌ 17 ቀን 2017 ዓ.ም. የአሜሪካው ፕሬዚዳንት ዶናልድ ትራምፕ ለሀገሪቱ የሕዝብ ራዲዮና ቴሌቪዥን ጣቢያዎች አስቀድሞ ተመድቦ የነበረ 1 ነጥብ 1 ቢሊዮን ዶላር እንዲሰረዝ በሚያዘው ሕግ ላይ ፈረሙ። ከስምንት ቀን በኋላ፣ ይህንኑ ገንዘብ ለጣቢያዎቹ ሲያከፋፍል ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ የኖረው ኮርፖሬሽን ሥራውን ወደ መዝጋት መግባቱን አስታወቀ። ዜናው በእኛ ዘንድ ከዋሽንግተን የፖለቲካ ንትርኮች እንደ አንዱ ተሰምቶ አልፏል። ይሁን እንጂ በውስጡ ከገበሬውም ሆነ ከከተሜው ደጃፍ የማይርቅ ጥያቄ ይዟል፤ ሕፃናት የሚዘምሩትን ዜማ የሚደርሰው ባለሙያ እንጀራውን የሚያገኘው ከየት ነው?

ጥያቄውን በአሃዝ ብቻ ከመመርመር የአንድን ሰው የሥራ ዘመን ተከትሎ መመልከት ይሻላል። ሰውየው ጆ ራፖሶ ይባላል። ስሙን የሚያውቀው ጥቂት ነው፤ ዜማዎቹን ግን ሦስት ትውልድ ተቀባብሏቸዋል።

ራፖሶ እ.ኤ.አ. በ1937 በማሳቹሴትስ ግዛት ፎል ሪቨር በተባለች የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካዎች ከተማ ተወለደ። ወላጆቹ እንደ ብዙዎቹ የከተማዋ ነዋሪዎች ከፖርቱጋል የመጡ ስደተኞች ነበሩ። አባቱ በርካታ የሙዚቃ መሣሪያዎችን የሚጫወትና የሚያስተምር ሰው ስለነበር የመጀመሪያው መምህሩ እርሱ ሆነ። ልጁ አድጎ ሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ ገባ፤ በተማሪነቱ ለተማሪዎች ቲያትር ሙዚቃ እየደረሰ በ1958 ተመረቀ። ከዚያም ወደ ፓሪስ አቅንቶ፣ ብዙ ስመ ጥር የዜማ ደራሲያንን ካስተማረችው ከናዲያ ቡላንዤ እግር ሥር ተቀመጠ። ይህን የትምህርት ጉዞ መጥቀሱ ያለ ምክንያት አይደለም። «ለልጆች ነው፣ ማንም ይሠራዋል» የሚለው አነጋገር በእኛም ሀገር የተለመደ ነውና፣ ስለ አንዲት ብስኩት የምትዘመረውን የፊደል መዝሙር የጻፈው ሰው ከየት እንደ መጣ ማወቁ ተገቢ ነው።

የራፖሶን ዕጣ የወሰነው በኅዳር ወር 1962 ዓ.ም. መተላለፍ የጀመረው «ሴሳሚ ስትሪት» የተሰኘ የሕፃናት የቴሌቪዥን ዝግጅት ነበር። ስሙ ወደ አማርኛ ቢመለስ «የሰሊጥ ጎዳና» ማለት ነው። ሰሊጥን ከመተማና ከቋራ ማሳ የሚያውቀው አንባቢያችን ነገሩ የእርሻ ዝግጅት እንዳይመስለው፤ ስያሜው የተወሰደው በጥንቱ የዐረቦች ተረት ውስጥ የሰሊጥን ስም ጠርታ የዋሻ በር ከምታስከፍተው ምትሃተኛ ቃል ነው።

ዝግጅቱን የመሠረተችው ጆን ጋንዝ ኩኒ ከሥራው በፊት ባካሄደችው ጥናት አንድ ነገር አስተዋለች። ፊደል ያልቆጠሩ ሕፃናት የቢራ ማስታወቂያ ዜማዎችን በቃላቸው ይወጡ ነበር። ማንም አላስተማራቸውም፤ ዜማው አጭር፣ ተደጋጋሚና በብልሃት የተሠራ በመሆኑ ብቻ ጆሯቸው ውስጥ ቀርቷል። ኩኒ የጠየቀችው ጥያቄ ቀላልና ደፋር ነበር፤ ቢራ የሚሸጠው ጥበብ ፊደልንና ቁጥርን ለምን አይሸጥም? ለዚህ የሚሆን ወደ 8 ሚሊዮን ዶላር የሚጠጋ ገንዘብ ተገኘ፤ ግማሽ ያህሉን የአሜሪካ ፌዴራል መንግሥት፣ ቀሪውን እንደ ካርኔጊና ፎርድ ያሉ በጎ አድራጎት ተቋማት ሸፈኑት። በመጀመሪያው ዓመት ብቻ እያንዳንዳቸው የአንድ ሰዓት ርዝመት ያላቸው 130 ዝግጅቶች ተሠሩ።

እዚህ ላይ ጥቂት ቆም ማለት ይገባል። 130 ሰዓት የሚሞላ ሙዚቃ በድግስ ሰሞን በልመና ተሰብስቦ አይገኝም። ቀን በቀን ቢሮ የሚገባ፣ ማክሰኞ ስለ ቁጥር 7፣ ረቡዕ ስለ ጎረቤት፣ ሐሙስ ስለ ዝናብ ዜማ እንዲደርስ የሚታዘዝ፣ ለዚህም በወር መጨረሻ ደመወዝ የሚቆረጥለት ሰው ያስፈልጋል። የዝግጅቱ የሙዚቃ ዳይሬክተር የሆነው ራፖሶ የተቀጠረው ለዚህ ነበር። የዝግጅቱን መለያ ዜማም እርሱ ደረሰው። ተሰጥኦ እንደነበረው አያጠያይቅም፤ ነገር ግን ተሰጥኦውን ያበሰለው ይኸው የዕለት ተዕለት ግዴታ ይመስለናል። አንዱ ዜማ ቢከሽፍ በማግሥቱ ሌላ ይሞከራል፤ ብዙ ከመሥራት ውስጥ ጥቂት የማይሞቱ ይወጣሉ። በዓመት አንድ ጊዜ ለበዓል ብቻ የሚጠራ ደራሲ ይህን ዕድል አያገኝም።

ሥራው ከውጭ ሲታይ ጨዋታ ይመስላል። የሕፃን ድምፅ ከፍታውና ዝቅታው ጠባብ ነው፤ ዜማው ከዚያ ከወጣ ልጁ ያዳምጠዋል እንጂ አይዘምረውም። ግጥሙ አንድ ሐሳብ ብቻ መሸከም አለበት፤ ሁለት ሐሳብ ከተደራረበበት ሁለቱም ይጠፋሉ። ዜማው አስቀድሞ ተቀርጾ ካልተጠናቀቀ ደግሞ አሻንጉሊት የሚያንቀሳቅሰው ባለሙያ የአሻንጉሊቱን አፍ ከድምፁ ጋር ማስማማት አይችልም፤ የካርቱን ሠዓሊም እንዲሁ ብሩሹን የሚያነሣው ለመዝሙሩ የተመደበውን ጊዜ በሰከንድ ቆጥሮ ነው። በዚህ ሁሉ ላይ ልጁ ነገም ከነገ ወዲያም ያንኑ መዝሙር ይጠይቃልና፣ ወላጅ መቶ ጊዜ ሰምቶት የማይሰለቸው መሆን ይኖርበታል። ራፖሶ «ሲንግ» በተሰኘው፣ መዘመርን በሚጋብዘው ሥራው ለአብዛኞቹ ለእነዚህ ፈተናዎች በአንድ ጊዜ መልስ ሰጠ። ዜማው ውስጥ ቃል የሌለበት፣ በ«ላ» ድምፅ ብቻ የሚዜም ክፍል አለ። ግጥሙን ገና ያልያዘ የሦስት ዓመት ልጅ እዚያ ሲደርስ ከሁሉም እኩል ይዘምራል። ዘፈኑ በዝግጅቱ ላይ በእንግሊዝኛ፣ በስፓኒሽና በምልክት ቋንቋ ቀርቧል፤ እ.ኤ.አ. በ1973 ደግሞ ካርፔንተርስ የተባሉት እኅትና ወንድም ዘፍነውት በአሜሪካ የዘፈኖች ደረጃ ሦስተኛ ሆነ።

ከሁሉ ይልቅ የሚነሣው ግን እ.ኤ.አ. በ1970 የደረሰው ስለ አረንጓዴ ቀለም የሚናገረው ዘፈን ነው። ዘፋኙ ከርሚት የተባለ እንቁራሪት፣ የጨርቅ አሻንጉሊት ነው። እንቁራሪቱ አረንጓዴ በመሆኑ ከቅጠልና ከሣር ጋር ተመሳስሎ ማንም ልብ የማይለው መሆኑ ያሳዝነዋል፤ ወደ መጨረሻው ግን የቀለሙን ውበት ራሱ ያገኘውና ይቀበለዋል። ማርቲን ሉተር ኪንግ ከተገደሉ ገና ሁለት ዓመት ነበር። ዘፈኑ ስለ ሰው ቆዳ አንድም ቃል ሳይተነፍስ ብዙ አድማጭ የሚሰማውን ሰማ። በኋላ ፍራንክ ሲናትራም ሬይ ቻርለስም ዘፍነውታል። አንድ ጥቁር አሜሪካዊ፣ ያውም ዐይነ ስውር ሙዚቀኛ፣ ስለ ቀለም የሚያወሳውን የእንቁራሪት ዘፈን ሲያዜም ነገሩ ከሕፃናት ጨዋታ ወጥቶ ሌላ ነገር ይሆናል። ሰምና ወርቅ ለለመደ ጆሮ ይህን ማስረዳት አያስፈልግም።

ራፖሶ ለፊልምም ሠርቷል። እ.ኤ.አ. በ1977 ለወጣው የጨርቅ አሻንጉሊቶች ካርቱን ፊልም፣ «ራገዲ አን ኤንድ አንዲ»፣ ዘፈኖቹን ደረሰ፤ ፊልሙ ግን በገበያ አልቀናውም። በ1981 ለሁለተኛው የማፔቶች ፊልም ከደረሳቸው ዘፈኖች አንዱ ለኦስካር ታጨ፤ ሽልማቱን ሌላ ወሰደው። «ስሪስ ካምፓኒ» ለተሰኘው የአዋቂዎች ተከታታይ አስቂኝ ድራማም መለያ ዜማ ሠርቷል፤ ይህኛው የንግድ ቴሌቪዥን ነበርና ሥራው ከሕዝብ ጣቢያ ውጭም ተፈላጊ እንደነበር ያሳያል። ነገር ግን ዛሬ ስሙ ሲጠራ የሚታወሰው በፊልሞቹ አይደለም። የፊልም ሥራ አንድ ጊዜ ተከፍሎ ያልቃል፤ ዕድሉም ከፊልሙ ዕድል ጋር የታሰረ ነው። ዕድሜ ያገኙት ለአንድ ደቂቃ ተኩል የሕፃናት ክፍል የተጻፉት ናቸው።

ደመወዙ የታሪኩ ግማሽ ነው። ሌላው ግማሽ መብት ነው። በአሜሪካ ሕግና አሠራር አንድ ዘፈን በራዲዮ ወይም በቴሌቪዥን በተላለፈ ቁጥር ለደራሲው የሚታሰብ ክፍያ አለ። ጣቢያዎች ለደራሲያን ማኅበራት በዓመት የተወሰነ ገንዘብ ይከፍላሉ፤ ማኅበራቱም የተላለፈውን መዝግበው ለአባላት ያከፋፍላሉ። ራፖሶ ዘፈኖቹን የሚያስተዳድርበት የራሱ የኅትመት ድርጅት ነበረው። ስለዚህ ታላላቅ ዘፋኞች ሥራውን ባነሡት ቁጥር ገቢው ወደ ደራሲው ይመለስ ነበር። በ51 ዓመቱ፣ እ.ኤ.አ. በየካቲት 1989 በካንሰር ሲሞት ለቤተሰቡ የተወው ዝናን ብቻ አልነበረም። በተከተለው ዓመት የአሻንጉሊቶቹ ፈጣሪ ጂም ሄንሰን ሲያርፍ፣ በኒውዮርክ ካቴድራል በተደረገው የመታሰቢያ ሥርዓት ላይ ቢጫው ትልቅ ወፍ ቆሞ ያንኑ የአረንጓዴውን ዘፈን ዘመረ።

አሁን ወደ ዜናው እንመለስ። «ሴሳሚ ስትሪት» ራሱ አልጠፋም። እ.ኤ.አ. ከ2016 ጀምሮ አዳዲስ ክፍሎቹ በክፍያ በሚታይ ጣቢያ ይቀርቡ ነበር፤ ያ ውል ሲያበቃ በግንቦት ወር 2017 ዓ.ም. ከኔትፍሊክስ ጋር አዲስ ስምምነት ታወጀ፤ በሕዝብ ጣቢያዎችም በተመሳሳይ ቀን እንዲታይ ተደርጓል። ስመ ጥር የሆነው ገዢ አያጣም። የተቆረጠው ገንዘብ የሚጎዳው ገና ያልታወቀውን ነው። በዚያው ሰሞን የአሜሪካ ትምህርት ሚኒስቴር «ሬዲ ቱ ለርን» በተባለው መርሐ ግብር ለሕፃናት ትምህርታዊ ዝግጅቶች የሚሰጠውን ድጋፍ አቋርጧል፤ አዳዲስ የልጆች ዝግጅቶች ሲፀነሱ ወጪያቸው የሚሸፈነው ከእንዲህ ያለው ገንዘብ ነበር። በሕዝብ ገንዘብ መቆረጥ ክፉኛ የሚናጉትም የትልልቅ ከተሞች ጣቢያዎች ሳይሆኑ፣ ለጋሽም ማስታወቂያም በሌለበት ገጠር የሚገኙ፣ ከበጀታቸው ከፍተኛውን ድርሻ ከዚያ ያገኙ የነበሩ ትናንሽ ጣቢያዎች ናቸው። በ1961 ዓ.ም. ሥራ ፈላጊ የነበረ አንድ ወጣት የዜማ ደራሲ ዛሬ ቢሆን ኖሮ ያንን የ130 ሰዓት ዕድል ማን ይሰጠው ነበር የሚለው ጥያቄ በዚያ ሀገር ገና መልስ አላገኘም።

የእኛስ? በሀገራችን ቴሌቪዥን በ1957 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር የልጆች ሰዓትን የያዙት አባባ ተስፋዬ፣ ማለትም ተስፋዬ ሣህሉ፣ ተዋናይም ሙዚቀኛም ነበሩ። በአንድ ሰው ጫንቃ ላይ ተረቱም፣ ዜማውም፣ ምትሃቱም ከ40 ዓመት በላይ ተጭኖ ኖረ። ይህ የሚያስመሰግናቸውን ያህል ተቋማቱን ይጠይቃል፤ ከአንድ ሰው ትከሻ ያለፈ የልጆች የዜማ ክፍል አልተደራጀም። ከዚያ በኋላ በ1999 ዓ.ም. መባቻ ወይዘሮ ብሩክታዊት ጥጋቡ ከባለቤታቸው ከሼን ኤትዘንሃውዘር ጋር በመኖሪያ ቤታቸው በካልሲ አሻንጉሊት የጀመሩት «ፀሐይ መማር ትወዳለች» የአሜሪካውን መንገድ በአማርኛ ሞክሮ ዓለም አቀፍ ሽልማት አገኘ፤ ብሩክታዊትም እ.ኤ.አ. በ2010 የሮሌክስ የወጣት ተሸላሚ ሆኑ። ሥራው እንደሚቻል ታይቷል ማለት ነው።

ዜማን ለትምህርት ማዋል ለእኛ የውጭ ትምህርት አይደለም። በየቄስ ትምህርት ቤቱ ፊደል የሚቆጠረው በዜማ ነው፤ ዳዊትም የሚደገመው በዜማ ነው፤ የቁርኣን ትምህርት ቤቶችም ልጅን የሚይዙት በዜማ ነው። እናት ሕፃኗን እሹሩሩ ስትል የቃላትን ምት ታስተምረዋለች፤ በጨረቃ ብርሃን እቴሜቴ የሚጫወቱ ልጃገረዶች ግጥምና ጭብጨባ ሲያዋድዱ ይለማመዳሉ። የጎደለው የዜማ ክምችት ሳይሆን፣ ያንን ክምችት ተቀብሎ ለራዲዮና ለስልክ ዘመን አዲስ ነገር የሚሠራ፣ ለሥራውም የሚከፈለው ሰው ነው።

ክፍተቱ ባዶ ሆኖ አልቆየም። ስልክ በገባበት ከተማ ሁሉ፣ በገጠር ቀበሌም ጭምር፣ አፍ መፍታት የጀመረ ልጅ በእንግሊዝኛ የሚዘመሩ የካርቱን ዜማዎችን ይዟል። ከእነዚህ የሚልቀው «ቤቢ ሻርክ» እ.ኤ.አ. በጥር 2022 በዩቲዩብ ከ10 ቢሊዮን ጊዜ በላይ በመታየት የመጀመሪያው ሆኗል። ሠሪው የኮሪያ ኩባንያ ነው። በዚህ ዜማ ዙሪያ በነሐሴ ወር 2017 ዓ.ም. የተሰጠ አንድ ፍርድ ደግሞ ለእኛ ሀገር ቀጥተኛ ትርጉም አለው። አንድ አሜሪካዊ የልጆች ሙዚቀኛ «ቅንብሬን ወስዶብኛል» ብሎ ኩባንያውን ከስሶ ነበር፤ የደቡብ ኮሪያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ግን ዜማው ከቀድሞም የሕዝብ እንደነበረ፣ ከሳሹም የራሱ የሚያሰኘው በቂ ለውጥ እንዳላደረገበት በመቀበል ለኩባንያው ወሰነ። በግልጽ ሲነገር፣ የሕዝብ ዜማ ባለቤት የለውምና ቀድሞ በጥራት የሠራውና ገበያውን የያዘው ይበላበታል። የእኛ እሹሩሩና እቴሜቴም በዚሁ ሚዛን ላይ ናቸው። ነገ አንድ የሩቅ ኩባንያ አንዱን አንሥቶ በካርቱን ቢያቀርበው፣ ገቢውን የሚጠይቅ ሰው በጎጃምም በወሎም በጎንደርም አይኖርም።

ስለ ደራሲው መብት ሕግ የለም ማለት አይቻልም። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለዜማ ደራሲ በሕይወት ዘመኑና ከሞተ በኋላ ለ50 ዓመት ጥበቃ ሰጥቷል፤ ማሻሻያው፣ አዋጅ ቁጥር 872/2007፣ ክፍያውን በጋራ የሚሰበስብ የማኅበር አሠራርን አስገብቷል። ሆኖም ይህ ሁሉ የሚሠራው ደራሲ ሲኖር ነው። በልጆች ክፍለ ጊዜ የሚሰማው አብዛኛው ነገር ደራሲው የማይታወቅ፣ ከሌላ የተዋሰ፣ ወይም የአዋቂ ዘፈን ዜማ ላይ ግጥም የተለጠፈበት ሲሆን ሮያሊቲ ለማን ይታሰባል?

ትምህርት ቤት ጣሪያው ሲያፈስ፣ ጤና ጣቢያ መድኃኒት ሲያጣ፣ ለልጆች ዜማ በጀት ማንሣት ቅንጦት አይሆንም ወይ የሚል ይኖራል። ክርክሩ ክብደት አለው። ነገር ግን በ2012 ዓ.ም. በኮሮና ወረርሽኝ ትምህርት ቤቶች በተዘጉ ጊዜ ትምህርት በራዲዮ እንዲሰጥ ሲሞከር፣ በቅርብ ዓመታትም በክልላችን በግጭት ምክንያት ብዙ ትምህርት ቤቶች ደጃፋቸውን በዘጉ ጊዜ፣ ለገበሬው ልጅ ቤቱ ድረስ የሚደርሰው መምህር ራዲዮ ነበር። መምህር ፊት የሌለበት ልጅ ደግሞ በደረቅ ንግግር ከራዲዮ አጠገብ አይቆይም፤ ይዞ የሚያቆየው ዜማ ነው። ወጪውም ለአንድ ደራሲና ለጥቂት ተጫዋቾች ዓመታዊ ደመወዝ የሚበቃ ነው፤ ከአንድ የመስክ ተሽከርካሪ ግዥ ጋር ቢነጻጸር የትኛው እንደሚከብድ ሒሳብ ሠርቶ ማየት ይቻላል።

በሌላ በኩል ኃላፊነቱን ለመንግሥት ጣቢያ ብቻ ጥሎ መሄድ የአሜሪካኖቹን ስሕተት መድገም ይሆናል፤ አንድ ፊርማ የ58 ዓመት ተቋም ሊያፈርስ እንደሚችል አይተናልና። ራፖሶ የበለጸገው መንግሥት ቢጀምርለትም፣ የራሱ መብትና የግል ገበያ ስለተጨመሩለት ነው። የኅብረት ሥራ ማኅበራትና ባንኮች ለበዓል ኮንሰርት የሚከፍሉትን ያህል ለልጆች መዝሙር ስፖንሰር ሲሆኑ እምብዛም አልታየም፤ መጠየቁም የተለመደ አይደለም።

የበጀት ዓመቱ ሐምሌ 1 ቀን ይጀምራል። የክልል መገናኛ ብዙኃን ተቋማት ዕቅዳቸውን ለየምክር ቤቶቻቸው ያቀርባሉ፤ በሰነዱ ውስጥ የካሜራ፣ የነዳጅ፣ የአበልና የስርጭት ወጪ በየመደቡ ተዘርዝሯል። የምክር ቤት አባላት በየወረዳው ከመራጮቻቸው ጋር የሚገናኙባቸው ቀናትም አሉ። በዝርዝሩ ውስጥ «የልጆች ዜማ ደራሲ» የሚል የሥራ መደብ ይኑር አይኑር መጠየቅ ለማንም ወላጅ ክፍት ነው።